አራት እስኪቆጥር

ያለፈውን ሳምንት ያላነበባችሁ አትጨነቁ፤ ነገሩ አጭር ነው። እሱ ይወዳታል፣ እሷም ሳትወደው አትቀርም፣ ግን መሀላቸው አንድ ሰው ገብቷል። ወይም የገባ መስሎታል። ቅናት የያዘው ሰው ደግሞ የገባውንና የመሰለውን አይለይም፤ ለእሱ ሁለቱም እኩል ያቃጥላሉ።

እሱ ማለት ጋሽ ሹክ ነው። ስሙን ያወጡለት የቴያትር ቤቱ ልጆች ናቸው፤ እናቱ ያወጣችለትን ስም ከደሞዝ ጸሐፊዋ በቀር የሚያውቅ የለም። ሥራው አስታዋሽ ነው። ከመጋረጃው ጀርባ፣ ተመልካቹን ፊት ለፊት ለሚያይ ተዋናይ በግራ በኩል ባለው ጥግ፣ መደገፊያዋ የወለቀ ወንበር ላይ ይቀመጣል። ጽሑፉን ጉልበቱ ላይ ይዘረጋና ተዋናዩ ቃል ሲጠፋው ሹክ ይለዋል። መድረኩ ላይ የቆመው ይሰማዋል፣ የፊት ወንበር ላይ የተቀመጠው ግን አይሰማውም። ሠላሳ አንድ ዓመት እንዲህ ሲል ኖሮ ድምፁም በዚያው ቀረ፤ ሻይ ሲያዝ ሹክ፣ ሲቆጣ ሹክ፣ አንድ ጊዜ ኪሱ ሲገባ የያዘውን ሌባ እንኳ «ተው ልጄ» ያለው በሹክታ ነው አሉ።

እሷ ማለት እትዬ ናት። መድረክ ላይ ከቆመች ሠላሳ ስምንት ዓመቷ ነው። ንግሥትም ሆናለች፣ የቤት ሠራተኛም ሆናለች፤ አንዴማ አንድ ተዋናይ ቢታመም ጢም ለጥፋ ሦስት ሳምንት ሽማግሌ ሆና ተጫውታ የገዛ እናቷ አላወቀቻትም። ካለፉት አሥራ ሁለት ዓመታት ወዲህ ደግሞ ፎቁ ላይ ባለው ክፍል ትወና ታስተምራለች። ዛሬ በየመድረኩ ከምታዩዋቸው ግማሾቹ በእሷ እጅ ያለፉ ናቸው። ተማሪዎቿ ይወዷታል፣ ከመውደድም ይልቅ ይፈሯታል። የመጀመሪያ ትምህርቷ «ቃል ሲጠፋችሁ ፊታችሁ አይጥፋ» የሚል ነው። «ቃሉን የሚሰጣችሁ ሰው አለ። ፊቱን ግን ማንም አይሰጣችሁም።» ያ ሰው ማን እንደሆነ ተማሪ ሁሉ ያውቃል።

የሁለቱ ነገር የተጀመረው በእርሳስ ነው። ትዕይንቱ ባለቀ ቁጥር ጋሽ ሹክ የሳተችውን ከጽሑፉ ዳር ጽፎ መልበሻ ጠረጴዛዋ ላይ ያኖርላታል። «ሁለተኛው ገቢር ላይ አንድ መስመር ዘለልሽ» ይላታል። እሷ ከሥሩ «እኔ አልዘለልኩም፣ እሱ ነው የሸሸኝ» ብላ ትመልሳለች። እንዲህ እንዲህ ሲሉ መስመሩ ቀረና ስለ ጉንፋን፣ ስለ ዝናብ፣ እሷ ስለማትወደው ስለ አሮጌ ኮቱ መጻጻፍ ጀመሩ። እሱ ሚስቱ ከሞተች ስምንት ዓመቷ ነው፤ እሷም ባሏን ከፈታች ከዚያ ይበልጣል። ዕድሜያቸውን ላላችሁ፣ ሁለቱም ወደ ስድሳ እያዘገሙ ነው። ልብ ግን ጡረታ አይወጣም።

የዛሬ ስድስት ወር፣ አሁን የሚያሳዩት ቴያትር ልምምድ ሲጀመር፣ ጋሽ ሹክ ከመጨረሻው ገጽ ጥግ ላይ «አግቢኝ» ብሎ ጻፈ። አጥብቆ ስለተጫነው እርሳሱ ወረቀቱን በስቶታል። ሦስት ቀን ይዛ አቆየችውና ስትመልስለት «የመጨረሻው ትዕይንት ያለቀ ዕለት እነግርሃለሁ፤ እስከዚያ ዝም በል፣ ዝም ማለት እንደሁ ታውቅበታለህ» የሚል ነበረበት። ሰውየው ያን ወረቀት ስንት ጊዜ እንዳነበበው አልነግራችሁም፣ ታዝናላችሁ።

እንቅፋት ይመጣል ብሎ የፈራው ከወንድሟ በኩል ነበር። ወንድሟ ዳኛ ነው፤ ሲቀመጥም እንደ ዳኛ ነው የሚቀመጠው። አንድ እሑድ መልበሻ ክፍሏ መጥቶ፣ ጋሽ ሹክ በር ላይ መሆኑን ሳያውቅ፣ «ይሄ ሰውዬ ሥራው ምንድነው?» ብሎ ጠየቃት።

«አስታዋሽ ነው።»

«ማንን ነው የሚያስታውሰው?»

«እኔን» አለች።

«እህቴ፣ ያንቺን ስም አገር ያውቀዋል። የእሱን ማን ያውቀዋል?»

ጋሽ ሹክ የእሷን መልስ ሳይሰማ ሄደ። «እኔን» ያለችውን ብቻ ይዞ ቢሄድ ኖሮ ምን ነበረበት። እሱ ግን የዳኛውን ነው ይዞ የሄደው፤ ሰው እንዲህ ነው፣ ከሁለት ነገር የሚጎዳውን መርጦ ይሸከማል።

ከዚያ መረዋው መጣ።

መረዋው የሚሉት ድምፁ እንደ ደወል ስለሆነ ነው፤ ሲያስነጥስ መስኮት ይንቀጠቀጣል። በወጣትነታቸው የእትዬ የመድረክ ጥንድ ነበር። ባልና ሚስት ሆነዋል፣ ፍቅረኛ ሆነዋል፣ ተገዳድለዋል። ከሀያ ዓመት በፊት ውጭ አገር ሄዶ፣ ከሦስት ወር በፊት ዋናው ተዋናይ ሥራ ሲለቅ በቦታው ሊተካ ተመለሰ። ፀጉሩ ነጭ፣ ኮቱ ሰማያዊ፣ ጥርሱ በሙሉ የራሱ። ጋሽ ሹክ ከሁሉም በላይ የጠላበት ጥርሱን ነው።

መረዋው በመጣ በወሩ የእርሳሱ ደብዳቤ ቆመ። መጀመሪያ ቃል ሲጠፋት ሹክ ሲላት እንዳልሰማች ሆና ማለፍ አመጣች። እሱ ከዳር «ሁለቴ ሰጠሁሽ፤ ለምን ተውሽኝ?» ብሎ ጻፈ። ጽሑፉ ሲመለስ ሥሩ ባዶ ነበር። በሚቀጥለው እሑድም ባዶ። ሠላሳ አንድ ዓመት ሙሉ ከመጀመሪያው ቃሏ በፊት ወደ ጥጉ ዓይኗን ጣል ታደርግ ነበር፤ ያንንም ተወች። አሁን ዓይኗን የምትጥለው መረዋው ላይ ነው።

ማክሰኞ ጧት ደረጃው ላይ ከኋላዋ ደርሶ «እንዴት አደርሽ እትዬ?» አላት። ዘወር አላለችም። አንድ እርከን ወጥቶ ደገመላት። ቦርሳዋን ትከሻዋ ላይ አስተካክላ መንገዷን ቀጠለች። ሁለት ተማሪዎች አይተው እንዳላዩ ሆኑ፤ እሱ የተማሪዎቹን ማዘን ነው ያልቻለው። ወዲያው መረዋው ከታች «የኔ ንግሥት» ብሎ ሲያስተጋባ ግን ዞር አለች፤ ፊቷም በራ።

ያን ዕለት ጋሽ ሹክ ምሳ አልበላም። «ለእኔ ጀርባ፣ ለእሱ ጥርስ» እያለ ቀኑን ሙሉ ወንበሩ ላይ ዋለ። ቅናት መጥፎ ነገሩ ሥራ አያስፈታም፤ ጭራሽ ያተጋል። በጀርባው ስታልፍ ኮቴዋን ቆጠረ፣ ከመረዋው ጋር ስንቴ እንደሳቀች ቆጠረ፣ ሽቶዋን ቀየረች አልቀየረችም ብሎ እንደ ፖሊስ ውሻ አየሩን አሸተተ። አልቀየረችም። አለመቀየሯም አናደደው።

ጆሮ ለባለቤቱ ባዳ ነው። ቴያትር ቤቱ በሙሉ የሚያወራው ስለ እሱ ነበር፣ እሱ ግን ስለ መረዋው የሚያወሩ ይመስለዋል። ዱቄት የሚሏት፣ የተዋናዮቹን ፊት የምትቀባው ሴትዮ፣ አላስችል ብሏት ሐሙስ ዕለት ክንዱን ያዘችው።

«ጋሽዬ፣ ምን ነካህ? ከኋላ ከኋላ አትከተላት። ፊቷ ቁምና አናግራት።»

«ምን ብዬ?»

«የፈለግከውን። ብቻ ፊቷ ቁም። ከዚህ በላይ አልናገርም፣ አስምላኛለች።»

ሐሜት የማያልቅባት ዱቄት መሐላ መጠበቅ ስትጀምር ነገሩ ከባድ መሆኑ ገባው። ክብደቱ ግን የት ጋ እንደሆነ ሳተ። «በቃ፣ ዱቄትም ታውቃለች፤ ሁለቱ ተዋድደዋል» አለ በሆዱ።

በዚያው ቀን አሥራ አንድ ሰዓት ላይ፣ ተማሪዎቹ ከወጡ በኋላ፣ ከመንገዱ ማዶ ካለው ጫማ መሸጫ በር ላይ ቆሞ ወደ ፎቁ አንጋጠጠ። መስኮቱ ክፍት ነው። እትዬና መረዋው ጉልበት ለጉልበት ሊነካኩ ፊት ለፊት ተቀምጠዋል። መረዋው ያወራል፤ እሷ ዓይኗን ከአፉ ላይ አትነቅልም። ዓይኑን አይደለም የምታየው፣ አፉን ነው። መረዋው ዝም ይላል፣ እሷ አንድ ነገር ትላለች፣ እሱ ራሱን ይነቀንቃል፣ እንደገና ትላለች። በመጨረሻ መረዋው አጨበጨበ፤ እሷም ሁለት እጁን ይዛ ሳቀች፣ ከዚያ ያዘችው እጅ ላይ ግንባሯን አሳረፈች።

ጋሽ ሹክ የሱቁን በር ተደገፈ። ይህን ሁሉ ዓመት በድምፁ ሲመራት ኖሮ አንድ ቀን አፉን እንዲህ አይታው አታውቅም። ማየትም አትችልም ነበር፣ እሱ ያለው መጋረጃ ጀርባ ነው። አሁን ግን ይህን የሚያመዛዝንበት ልብ አልቀረውም።

«አባት፣ ቁጥር ስንት ላውጣልዎት?» አለው ባለ ሱቁ።

ኀፍረቱን ለመሸፈን የጫማ ማሰሪያ ገዝቶ ሄደ። ጫማው ማሰሪያ የሌለው ነው።

*

ቴያትሩ የሚታይበት የመጨረሻው እሑድ ደረሰ። ከሰዓት በኋላ ዘጠኝ ሰዓት ላይ አዳራሹ ጢም አለ። ዳኛው ሦስተኛው ረድፍ ላይ እጁን አጣምሮ ተቀምጧል። ጋሽ ሹክ ያን ያልወደደችለትን ኮት ትቶ ሌላ ለብሷል፤ ጢሙን ሁለቴ ተላጭቷል፤ ይህን ሁሉ ያደረገው «መልሱ እንቢ ቢሆንም እንኳ ሰው ልምሰል» ብሎ ነው።

ቴያትሩ ስለ አንዲት ሴት ነው፤ ባሏ ትቷት ሄዶ ከብዙ ዓመት በኋላ ይመለሳል። ባልየው መረዋው ነው። ሦስተኛው ገቢር ላይ ፊት ለፊት ይቆማሉ፤ እሷ ረጅም ንግግር አላት፤ አዳራሹ የሚያለቅሰው እዚያ ጋ ነው። ካለፉት አምስት ሳምንታት ወዲህ መረዋው በዚህ ንግግር መሀል እጇን ይይዛል። በጽሑፉ የለም። ጋሽ ሹክ ከዳር «እጅ ያዘ። ማን ፈቀደለት?» ብሎ ጽፎበታል።

ያን ቀን እትዬ እንዴት እንደተጫወተች ልነግራችሁ አልችልም። ሁለተኛው ገቢር ሲያልቅ የመብራት ሠራተኛው እንኳ አፍንጫውን ይጠርግ ነበር። ሦስተኛው ተጀመረ፤ ንግግሯን ያዘች፤ አራት መስመር እንደሄደች በቀኝ በኩል ያለው ትልቁ መብራት ድው ብሎ ጠፋ። መረዋው ከቆመበት ጨለማ ዋጠው። እትዬ «ስትሄድ በሩን አልዘጋሁም…» አለችና ቆመች።

እዚህ ላይ ስለ ሙያው አንድ ነገር ማወቅ አለባችሁ። መድረክ ላይ ዝምታ ሁለት ዓይነት ነው፤ አንዱ የተዋናዩ ነው፣ ሌላው የአስታዋሹ ነው። አስታዋሹ በልቡ ሁለት ይቆጥራል። በሁለት ካልቀጠለ ቃሉ ጠፍቷል ማለት ነው፣ ይሰጣል። ጋሽ ሹክ ለእትዬ መቁጠርም አያስፈልገው፤ ቃል ሲጠፋት ቀኝ አውራ ጣቷን መዳፏ ውስጥ ትደብቃለች፤ ይህን ከእሱ በቀር በዓለም ላይ የሚያውቅ ሰው የለም። አውራ ጣቷን አየ። ተደብቃለች።

ቀጣዩ ቃል ጉልበቱ ላይ ነው፤ «የሄድከው አንተ ነህ፣ እኔ እዚሁ ነበርኩ።» ምላሱ ጫፍ ላይ ደርሷል።

አንድ። እትዬ አንገቷን ወደ ጨለማው አሰገገች፤ ዓይኗ መረዋውን፣ የመረዋውን አፍ ይፈልጋል። ወደ ጥጉ አትዞርም። በዚህ ጭንቅ ሰዓት እንኳ አትዞርም።

ሁለት። ይስጥ። አልሰጠም።

ሦስት። «እንግዲህ እሱ ያውጣሽ» አለ በሆዱ። ያቺን ሦስተኛ ቁጥር ሲቆጥር ደስ አለው። ደስታውን ዕድሜውን ሙሉ ሲያፍርበት ይኖራል፣ ግን በዚያች ሰዓት ደስ ብሎት ነበር።

አራት። አዳራሹ ውስጥ ሳል ተሰማ። ሌላ ሳል መለሰለት። ከፊት ወንበር አንድ ሰው ሳቀ።

ሳቁ ሲሰማ ጋሽ ሹክ ባነነ። «የሄድከው አንተ ነህ» አለ። ዝም። «የሄድከው አንተ ነህ፣ እኔ እዚሁ ነበርኩ።» ዝም። ሦስተኛ ሲለው የፊት ወንበር ላይ ያለች ሴት ወደ መጋረጃው ዞረች፤ በሠላሳ አንድ ዓመት ውስጥ ተመልካች ሲሰማው ይህ የመጀመሪያው ነው። እትዬ ግን እንደ ሐውልት ቆማለች። ፊቷ አልጠፋም፤ ያስተማረችውን አልረሳችም። አውራ ጣቷ ብቻ መዳፏ ውስጥ ተቀብራለች።

መረዋው ከጨለማው ወጣና አጠገቧ ደረሰ፤ «የሄድኩት እኔ ነኝ፣ አንቺ እዚሁ ነበርሽ። ይህን ልትዪኝ ነው?» አላት በዚያ ደወል ድምፁ። እሷም «ይህንኑ» አለችና ቀጠለች። ተጨበጨበ፣ መጋረጃ ወረደ። ተመልካቹን እጅ ለመንሣት ሁለተኛ ግን አልወጣችም። ዳኛው አንገቱን ደፍቶ ሲወጣ ጋሽ ሹክ በመጋረጃው ቀዳዳ አየው። የሠላሳ ስምንት ዓመት ስም፣ በመጨረሻው ቀን፣ ሰው ሳቀበት። «እኔ ነኝ ያሳቅኩባት» አለ፤ ወንበሩ ላይ ተመልሶ ተቀመጠ።

*

የመልበሻ ክፍሏ በር ዝግ ነው። አንኳኳ። መልስ የለም። ደግሞ አንኳኳ። መልስ የለም። ግንባሩን በሩ ላይ አስደግፎ የሆዱን ሁሉ ዘረገፈው፤ ደረጃውን፣ መስኮቱን፣ የጫማ ማሰሪያውን፣ የመረዋውን ጥርስ፤ በመጨረሻም አራት እንደቆጠረ፣ አውቆ እንደቆጠረ። ተናግሮ ሲጨርስ ጉንጩ እርጥብ ነበር።

ዱቄት ፎጣ ተሸክማ ስትመጣ እዚያው ቆሞ አገኘችው።

«ለማን ነው የምታወራው?»

«ለእሷ። አልምርህም ብላኛለች መሰለኝ፣ መልስ አልሰጠችኝም።»

ዱቄት ፎጣውን ወለሉ ላይ ጣለችው። «እንግዲህ እግዜር መሐላዬን ይቅር ይበለኝ» አለችና በሩን በእግሯ ገፍታ ከፈተችው። አልተቆለፈም ነበር።

እትዬ መስታወቱ ፊት ተቀምጣ የፊቷን ቀለም በጥጥ ታብሳለች። የበሩን መከፈት አልሰማችም። መስታወቱ ውስጥ ሲያያት ነው ያየችው፤ እጇ አየር ላይ ቀረ።

«ስንት ጊዜ ሆነህ እዚያ ከቆምክ?»

እሱ አንድ ነገር አለ።

«ጮክ በል፣ አንተ ሰው። ወይም ፊትህን ወደ መብራቱ አዙር። ግራ ጆሮዬ ከሞተ ሦስት ወር ሊሆነው ነው። ቀኙም ወደዚያው እየሄደ ነው።»

ዱቄት በሩን ቀስ ብላ ዘጋችው፤ ምናልባት ራሷ ከበሩ ወዲያ ቆማ ይሆናል፣ እኔ ግን አልመሰክርባትም።

ጋሽ ሹክ ቆሞ ቀረ። መረዋው በመጣ ሰሞን ብርድ መትቷት ሳምንት የተኛችበት ጊዜ ትዝ አለው። ከዚያ ወዲህ በግራ በኩል ሹክ ያላትን ሁሉ መቁጠር ጀመረ፤ ሁሉም ወደ ባዶ ግድግዳ ነበር የሄደው።

«መረዋውስ?» አለ፣ አሁን ጮክ ብሎ። ከሁሉ በፊት ይህን መጠየቁ አሳፈረው፣ ግን ጠየቀ።

«መረዋው አፉ ሰፊ ነው፤ ከንፈሩ በደንብ ይነበባል። ከሁለት ወር በላይ ከንፈር ማንበብ እያስተማረኝ ነው። ቃል ሲጠፋኝ መድረክ ላይ በአፉ ይሠራልኛል፤ ካልያዝኩት እጄን ይጨብጠኛል። ዛሬ መብራቱ ጠፋና አፉን አጣሁት።» ጥጡን ጣለችው። «ምን አስበህ ነበር? አትንገረኝ፣ ፊትህ ላይ አነበብኩት። ጎበዝ ተማሪ ሆኛለሁ።»

«ለእኔ ለምን አልነገርሽኝም?»

ሠላሳ ስምንት ዓመት ሰው ስታስለቅስ የኖረች ሴት፣ የራሷ እንባ ሲመጣ የት እንደምታደርገው ጠፋት።

«መረዋው ፊት መቸገር አያሳፍረኝም፣ አልወደውማ። አንተን ምን ልበልህ? ሹክታህን መስማት አቃተኝ ልበልህ? ሌላ ሰው ጆሮ ሲያጣ ወፉን፣ ዝናቡን፣ ልጁን ያጣል። እኔ ያጣሁት አንተን ነው። ሁለቴ ሰጠሁሽ ብለህ የጻፍክ ዕለት ወረቀቱን ይዤ አደርኩ። እዚህ ብሆንም ያለኸው አንተ ነህ፣ የሌለሁት እኔ ነኝ ብዬ እንዴት ልጻፍልህ?»

ጋሽ ሹክ ልቡ ዘለለች፣ ዘልላም ወደቀች። አያችሁ፣ አሁን ዝም ቢል የሚያውቅበት የለም። በር ላይ የተናዘዘውን አልሰማችም። ቢሰጣትም አትሰማውም ነበርና አራቱ ቁጥር የጎዳው ነገር የለም፤ መብራቱ ነው ጥፋተኛው። ፍቅሯን በጆሮው ሰምቷል፣ መልሱም ከፊቱ ነው። ብልጥ ሰው እዚህ ጋ አፉን ይዘጋል።

እሱ ግን ወደ መብራቱ ዞረ፤ ዓይኑን ሳይሆን አፉን እንድታይ ቀና አለ።

«ይዤብሻለሁ» አለ።

«ምኑን?»

«ቃሉን። አውራ ጣትሽን አይቻለሁ። በሁለት መስጠት ነበረብኝ። አራት ቆጠርኩ። እሱ ያውጣሽ ብዬ አራት ቆጠርኩ።»

«መስማት እንደማልችል አታውቅም ነበር» አለች ቀስ ብላ።

«አላውቅም። የምትሰሚ መስሎኝ ነው የያዝኩብሽ።»

እትዬ ተነሣች። ከተነሣች በኋላ ምን እንደምታደርግ ያላወቀች መሰለች፤ የወንበሩን መደገፊያ ያዘች። ያን ሰዓት ፊቷ ጠፍቶ ነበር፤ ለተማሪ ሁሉ የከለከለችውን አደረገችው።

«አራት» አለች። «እዚያ ላይ አራት ስንት እንደሆነ ታውቃለህ? አንተ ታውቃለህ። ከአንተ በቀር ማን ያውቃል። ሰውየው ሲስቅ ሳቁን እኔ አልሰማሁትም፣ ጥርሱን አየሁት። በልቤ ምን አልኩ መሰለህ? እሱ ካለ ምንም አልሆንም፣ ባልሰማውም እየጠራኝ ነው አልኩ። አንተ ደግሞ ትቆጥራለህ።»

«እቆጥር ነበር።»

«ቅናትህ ከእኔ ስም በለጠብህ።»

«በዚያች ሰዓት በለጠብኝ። አልዋሽሽም፣ ደስም ብሎኝ ነበር።»

ይህን ባይጨምር ምን ነበረበት፣ ትላላችሁ። እኔም እላለሁ። እሷ ግን ለረጅም ጊዜ ከንፈሩን አየች፤ ያን ከመስኮት ማዶ ቆሞ የቀናበትን አስተያየት፣ አሁን በሙሉ ለእሱ ሰጠችው። ይህን ያህል ሲመኘው የኖረው ነገር እንዲህ ያስፈራል ብሎ አላሰበም።

«ሌላስ?» አለች። «ሌላ የያዝክብኝ ቃል አለ?»

«አንድ አለ። የምታውቂው ነው፣ በእርሳስ ጽፌልሻለሁ።»

«ያነበብኩትን አይደለም የጠየቅኩህ። በአፍህ ብለኸው ታውቃለህ?»

«አላውቅም።»

«በለው።»

«አግቢኝ» አለ።

«አልሰማሁህም።»

«አግቢኝ።»

ቀኝ ጆሮዋን ወደ እሱ ዘንበል አደረገች። እየቀለደች ይሁን የእውነቷን ይሁን ጋሽ ሹክ እስከ ዛሬ እርግጠኛ አይደለም። አየር ሳበ። ሠላሳ አንድ ዓመት ጉሮሮው ውስጥ ሲጠራቀም የኖረ ድምፅ እንደሆነ እንጃ፣ «አግቢኝ!» ሲል ከመረዋው የማያንስ ነገር ወጣው። ኮሪደሩ ላይ የሚያወሩ ተማሪዎች ዝም አሉ። ዕቃ የሚያወርዱት አናጢዎች መዶሻቸውን አቆሙ። ከበሩ ወዲያ ዱቄት «ኧረ በስመ አብ» ስትል ተሰማ፤ እዚያው ኖራለች ለካ።

ጋሽ ሹክ ፊቱ ቀልቶ መሬት መሬት ሊያይ ሲል አገጩን ይዛ ቀና አደረገችው፤ አፉ እንዳይጠፋባት።

«አሁን ሰማሁህ። አዎ ነው መልሴ። ስድስት ወር ሙሉም አዎ ነበር። ንዴቴ ግን ለብቻው ነው፤ ዛሬም እናደዳለሁ፣ ነገም እናደዳለሁ፣ መቼ እንደሚበርድልኝ እኔም አላውቅም። ማክሰኞም ከመረዋው ጋር ትምህርት አለኝ።»

«ማክሰኞ…» አለ፤ ዓይኑም መረዋውን ሊፈልግ ወደ በሩ ሄደ።

«አዎ፣ ማክሰኞ። ቅናትህን ይዘህ ና፣ አንተም ትማራለህ። አፍህ ሲናገር አይከፈትም፤ እንዲህ ሆነህ አንብቤህ አልዘልቅም።»

ኮቷን ለበሰች። እሱ እንደ ልማዱ በግራዋ በኩል ቆሞ ክንዱን ሰጣት። እሷ አልያዘችውም። ትከሻውን ይዛ በፊቷ አሻግራ ወደ ቀኟ አመጣችው፤ ኮሌታውን እንደማይስማማት ሁሉ አየችና አስተካከለችለት።

«ከዛሬ ጀምሮ በዚህ በኩል ነህ» አለች። «ይሄኛው ሳይሞት የምትለኝ ካለ በለኝ።»

በሩ ላይ ሰው ሁሉ ተሰብስቦ ነበር። ጋሽ ሹክ ማንንም አላየም። ወደ ቀኝ ጆሮዋ ጎንበስ ብሎ፣ በዚያች ብዙ ሰው ባልሰማት ድምፁ፣ ይቅርታ ለመናት። ሰማችው። ክንዱን አጥብቃ ያዘችው፤ እሱም ያን መጨበጥ ምሕረት ይሁን ቁጣ ሳይለይ፣ ሁለቱንም እየተቀበለ፣ ደረጃውን አብሯት ወረደ።